ተንሳፋፊው ባቡርና «የግንዛቤ እጥረት»

«የግንዛቤ እጥረት» የምትባለዋን ሐረግ የማያውቅ አንባቢ ያለ አይመስለኝም። ውሃ ሳምንት ሙሉ ጠፍቶ ሰፈሩ ሲያጉረመርም የግንዛቤ እጥረት ነው። ነጋዴው ግብር በዛብኝ ሲል የግንዛቤ እጥረት ነው። ገበሬው የመጣለትን አዲስ ነገር «ቆይ እስቲ ልየው» ካለማ… የሱ የግንዛቤ እጥረት ብቻ ሳይሆን «የአመለካከት ችግር» ጭምር ነው። መድኃኒቱ ደግሞ ለሁሉም አንድ ነው። አዳራሽ ይያዛል፣ የታሸገ ውሃ ይደረደራል፣ አበል ይከፈላል፣ «የግንዛቤ ማስጨበጫ መድረክ» ይዘጋጃል። የሚያስጨብጠው ሰው ሁለት ሰዓት ይናገራል፤ የሚጨብጠው ሰው ሁለት ሰዓት ያዳምጣል። ከዚያ ምሳ ነው።

ይቺ ሐረግ ግን የኛ ብቻ አይደለችም። የፈረንጅ ዘመዶች አሏት፤ እነሱም የተማሩ ዘመዶች ናቸው። የእንግሊዝ ንጉሣዊ የሳይንስ ማኅበር በ1985 «ሕዝብ ሳይንስን መረዳቱ» የሚል ሪፖርት አውጥቶ ነበር። (እዚህ የምጠቅሳቸው ዓመታት በሙሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው፤ «እ.ኤ.አ.» እያልኩ አላሰለቻችሁም።) የሪፖርቱ ሐሳብ ክፉ አልነበረም። ሳይንቲስቶች ከላቦራቶሪያቸው ወጥተው ሥራቸውን ለሕዝብ ማስረዳት አለባቸው ይላል፤ ማን ይጠላል? ከጀርባው ግን ዝም ብሎ የተቀመጠ አንድ እምነት ነበር፦ ሕዝቡ የሚጎድለው እውቀት ነው፤ ጉድለቱ ሲሞላ ድጋፉ ይመጣል የሚል። አሥራ አምስት ዓመት ቆይቶ፣ በ2000፣ የጌቶች ምክር ቤት የሳይንስ ኮሚቴ ነገሩን ገልብጦ አየው። የጎደለው እውቀት ሳይሆን መተማመን ነው፤ ስለዚህ ከማስተማር ይልቅ መነጋገር ይሻላል አለ። ሪፖርት ግን ሪፖርት ነው። የድሮው እምነት ሥራውን አልለቀቀም።

ዛሬ ይህን ያስነሳኝ አንድ ማኅበር ነው፤ ዓለም አቀፍ የማግሌቭ ቦርድ ይባላል። ለትርፍ ያልቆመ፣ በሙያው የበሰሉ ሰዎች የተሰባሰቡበት፣ ሕዝብ በማግኔት ስለሚንሳፈፍ ባቡር እንዲያውቅ የሚጥር ማኅበር ነው። ባቡር አይሸጥም፤ ሐዲድም አያነጥፍም። የዓለም ሰው ስለ መኪናና ስለ አውሮፕላን ብቻ ሲያወራ «ኧረ ሌላም አለ!» እያለ የሚጣራ ማኅበር መኖሩን እወደዋለሁ። በዚህ ዘመን ያለ ኮሚሽን የሚናገር ሰው ማግኘት ቀላል አይደለም። ጥያቄዬ እንዲህ ያሉ ማኅበራት ሁሉ በሚነሱበት መነሻ ላይ ነው፦ ይህ ባቡር ዓለምን ያላዳረሰው ሰው ስላልተረዳው ነውን?

መጀመሪያ የባቡሩን ነገር እንረዳዋ። ሐሳቡ አዲስ አይደለም፤ ኸርማን ኬምፐር የሚባል ጀርመናዊ መሐንዲስ የፈጠራ መብቱን በ1934 አግኝቷል። ዋነኞቹ ስልቶች ሁለት ናቸው። የጀርመኑ ትራንስራፒድ ከመንገዱ ጠርዝ በታች የሚታጠፉ ክንዶች አሉት፤ መንገዱን አቅፎ ይሄዳል እንበል። በክንዶቹ ላይ ያሉት ኤሌክትሮማግኔቶች ከበላያቸው ወዳለው ብረት ሲሳቡ ባቡሩን አብረው ያነሱታል። ክፍተቱ አንድ ሳንቲ ሜትር ያህል ብቻ ነው፤ ማግኔቱ ሄዶ እንዳይጣበቅ መቆጣጠሪያው በየቅጽበቱ እየለካ ጉልበቱን ይጨምራል፣ ይቀንሳል። የጃፓኑ ሌላ ነው። እጅግ በጣም የቀዘቀዙ ሱፐርኮንዳክተር ማግኔቶች ይዞ እንደ አውሮፕላን በጎማ ይንደረደርና፣ በሰዓት 150 ኪሎ ሜትር አካባቢ ሲደርስ ጎማውን ሰብስቦ አሥር ሳንቲ ሜትር ያህል ይነሳል። ይኸው የጃፓን ባቡር ሚያዝያ 2015 በሙከራ መስመሩ ላይ በሰዓት 603 ኪሎ ሜትር ሮጧል። ሐዲድ ሳይነኩ ይህን ያህል መፍጠን ድንቅ ነው፤ ድንቅ አይደለም የሚል ካለ እሱ በእርግጥ የግንዛቤ እጥረት አለበት።

ችግሩ የሚመጣው ድንቁ ነገር ለሕዝብ ሲተረክ ነው። ለማግሌቭ የሚሟገቱ ጽሑፎች ከሞላ ጎደል ሁሉም የሚጀምሩት «ሰበቃ የለም» ብለው ነው። የጎማና የሐዲድ ሰበቃ የለም፤ እውነት ነው። አየሩስ? ፍጥነት እጥፍ ሲሆን የአየሩ ግፊት አራት እጥፍ ይሆናል፤ በሰዓት 500 ኪሎ ሜትር የሚሮጥ ነገር ዋና ሥራው አየር መግፋት ነው። ማግኔት ይህን አያስቀርም። ከዚያ ደግሞ «ከመንገዱ ሊወጣ አይችልም» ይባላል። ይህም እውነት ነው፤ መንገዱን ያቀፈ ባቡር ወዴት ይወጣል?

መስከረም 22 ቀን 2006 በሰሜን ጀርመን ላተን አጠገብ ባለው የሙከራ መስመር ትራንስራፒዱ ከመንገዱ አልወጣም። በሰዓት 170 ኪሎ ሜትር አካባቢ እየሄደ በዚያው መንገድ ላይ ቆሞ ከነበረ የጽዳትና የጥገና ተሽከርካሪ ጋር ተጋጨ። 23 ሰዎች ሞቱ። ማግኔቱ ሥራውን በደንብ ሠርቷል። ሥራውን ያልሠራው «ከመንገዱ ላይ ተነሥቷል ወይ?» ብሎ ማረጋገጥ የነበረበት የሰው ክፍል ነው። ምርመራም ክስም ተከትሏል። የሟቾቹ ቤተሰቦች ስለ ባቡር ደኅንነት ያወቁትን እውነት በማብራሪያ ሥዕል ላይ ማንም አላሳያቸውም ነበር፤ በሥዕሉ ላይ መግነጢስ፣ መጠምጠሚያና ቀስት እንጂ ስልክ የሚያነሳ ሰው አልተሳለምና።

ሙኒክ ላይ የሆነውን ደግሞ ስሙ። ከከተማው ዋና ባቡር ጣቢያ እስከ አውሮፕላን ማረፊያው 37 ኪሎ ሜትር ነው፤ ተራው የከተማ ባቡር 40 ደቂቃ ገደማ ይፈጅበታል። የባቫሪያው ጠቅላይ ሚኒስትር ኤድሙንድ ሽቶይበር በ10 ደቂቃ የሚያደርስ ማግሌቭ ካልተሠራ አሉ። በ2002 መጀመሪያ ስለዚሁ ባቡር ባደረጉት ንግግር ቃላቱ እርስ በርስ ተጠላለፉባቸውና፣ ሰውየው ባቡር ጣቢያው ላይ አውሮፕላን የሚሳፈር የሚመስል ነገር ተናገሩ፤ ጀርመኖች እስከዛሬ ድምፁን እየሰሙ ይስቃሉ። ሳቁ ይቅር። ዋናው ነገር ሽቶይበር ተንተባትበውም ቢሆን አሥር ደቂቃዋን ሁሉም ሰው በደንብ ሰምቷታል። ማንም «አልገባኝም» አላለም። የሙኒክ ሰው የጠየቀው የመቀነስ ጥያቄ ነው፦ ከ40 ላይ 10 ሲቀነስ 30። ይቺን 30 ደቂቃ ለመንገደኛ ለማትረፍ ይህ ሁሉ ገንዘብ ከሚወጣ፣ በየቀኑ ሥራ የሚመላለሰውን ሕዝብ የሚያጉላላው የከተማ ባቡር ቢሻሻል አይሻልም ወይ? የከተማዋ ከንቲባ ክርስቲያን ኡደም ከተቃዋሚዎቹ ጋር ነበሩ። ወጪው መጀመሪያ 1.85 ቢሊዮን ዩሮ ተብሎ ነበር፤ በ2008 ከ3 ቢሊዮን በላይ ሆኖ ተገኘ፤ መጋቢት 27 ቀን ዕቅዱ ተሰረዘ። ከዚያ በፊት በ2000 የሃምቡርግና የበርሊኑ መስመር በተመሳሳይ የሒሳብ ሕመም ሞቷል። ባቡሩን የፈጠረች አገር፣ በመሐንዲስ የማትታማ አገር፣ ለመንገደኛ የሚያገለግል ረጅም መስመር አልሠራችም። ይህን ሁሉ ጀርመናዊ «ግንዛቤ የለውም» ማለት እንዴት ይቻላል?

በዚሁ ዓመት በጥር ወር ሻንጋይ ላይ ሰዎች «ሽርሽር» ወጡ። ሰልፍ አላሉትም፤ ሰልፍ ፈቃድ ይጠይቃላ! ከተማዋ ከጀርመኖቹ ገዝታ ከአውሮፕላን ማረፊያው ያስገባችው 30 ኪሎ ሜትር ማግሌቭ ነበራት፤ በ2002 የመጨረሻ ቀን የጀርመኑ መራሔ መንግሥት ሽሮደር ራሳቸው ተገኝተው የመረቁት። መስመሩ ወደ ሃንግዡ ሊቀጥል ነው ሲባል፣ በሚያልፍባቸው ሰፈሮች የሚኖሩ ሰዎች እየተንሸራሸሩ መሀል ከተማ ተገናኙ። ከሥጋቶቻቸው አንዱ ከባቡሩ የሚወጣው ጨረር ነበር። እዚህ ላይ ለማኅበሩ አደላለሁ። የትራንስራፒዱ መግነጢሳዊ መስክ በጠባቡ ክፍተት ውስጥ የታጠረ ነው፤ መንገዱ አጠገብ የሚተኛን ሰው የሚያሳስብ አይደለም። ይህን በቅን ልቦና፣ በቁጥር፣ በሰው ቋንቋ የሚያስረዳ ገለልተኛ አካል ቢኖር ብዙ ሰው እንቅልፉን ይተኛ ነበር። ግን ጨረሩን ስታነሡላቸው ሌላው ይቀራል፦ ጩኸቱ፣ የቤታቸው ዋጋ፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ ሳይጠየቁ የተወሰነ መሆኑ። ጨረር የሚለው ቃል ሌላውን ሁሉ የሚሸከም አህያ ሆኖ ያገለገለ ይመስለኛል፤ ሹም ፊት «አልጠየቃችሁንም» ከማለት «ጤናችን» ማለት ይቀላል። ማግሌቩ ወደ ሃንግዡ አልቀጠለም። በ2010 በሁለቱ ከተሞች መካከል በተራ ሐዲድ የሚሮጥ ፈጣን ባቡር ተከፈተ።

ስለ ተራው ሐዲድ አንድ ነገር ላንሳ። የፈረንሳይ ቴዤቬ ፈጣኑን መስመር ሲጨርስ ድሮ በተሠራ ሐዲድ ገብቶ መሀል ከተማ በቆየ ጣቢያ ይቆማል። ማግሌቭ ከራሱ መንገድ በቀር የትም አይገባም፤ የራሱ መንገድ ካለቀ አለቀ። የሻንጋዩም ተሳፋሪውን መሀል ከተማ ሳያደርስ ሎንግያንግ መንገድ ላይ አውርዶ ወደ ሜትሮ ያስተላልፈዋል። በቴክኒክ ጉዳይ ይህን ያህል ክብደት ያለው ሌላ ድካም የለበትም፤ ማብራሪያዎቹ ላይ ግን በትንሽ ፊደል ነው የሚጻፈው።

ወደ ጃፓን ከማለፌ በፊት ስለ በግ ላውራ፤ ትዕግሥት ይኑራችሁ። የቼርኖቤል አደጋ በ1986 ሲደርስ ዝናቡ ሬዲዮአክቲቭ ሲዚየም ይዞ ሰሜን እንግሊዝ፣ ከምብሪያ ተራሮች ላይ ወረደ። ሳይንቲስቶቹ በጎቹ ለሦስት ሳምንት እንዳይሸጡ አሉ፤ ሲዚየሙ አፈሩ ውስጥ ታስሮ ይቀራል ብለው አስልተው ነበር። ስሌቱ ግን የሸክላ አፈር ስሌት ነበር። የተራራው አፈር ሌላ ነው፤ ሲዚየሙን አይዝም፣ ለሣሩ ይመልሰዋል፣ ሣሩን በጉ ይበላዋል። ሦስቱ ሳምንት የመጨረሻው እርሻ ላይ በ2012 ነው ያለቀው። ብሪያን ዊን የተባለ ምሁር ከእረኞቹ ጋር ውሎ የጻፈው ጥናት ዝነኛ ነው። እረኞቹ ስለ አተም አያውቁም፤ ስለ አፈራቸው፣ ስለ ሣራቸው፣ በጎቻቸው የት ወጥተው የት እንደሚግጡ ግን ከመጣው ባለሙያ ሁሉ ይበልጥ ያውቃሉ። የሚጠይቃቸው ግን አልነበረም፤ «የሚያስጨብጣቸው» እንጂ።

ጃፓን ላይ የበጉን ቦታ የያዘው ውሃ ነው። የማዕከላዊ ጃፓን ምድር ባቡር ኩባንያ ከቶክዮ ሺናጋዋ እስከ ናጎያ 286 ኪሎ ሜትር የማግሌቭ መስመር በ2014 ጀመረ። ጉዞው 40 ደቂቃ ይሆናል፤ ከመንገዱ ከአሥር እጅ ስምንት የሚበልጠው ዋሻ ነው። ዋሻው ሺዙኦካ በሚባለው ክፍለ ግዛት ከተራራ ሥር ጥቂት ኪሎ ሜትሮች ያቋርጣል፤ ጣቢያ ግን እዚያ የለውም። ከዚያ ተራራ የኦይ ወንዝ ይወርዳል፤ ከወንዙ ከተሞች ይጠጣሉ፣ የሻይ ማሳዎች ይጠጣሉ። አገረ ገዢው ካዋካትሱ ሄይታ «የሚወጣው ውሃ ካልተመለሰ አልፈቅድም» ብለው ዓመታት ከለከሉ። ለፈጣን ባቡር ወዳጆች ካዋካትሱ የዕድገት ጠላት ነበሩ። በ2024 ግን ጉድ መጣ፤ ለአዳዲስ የመንግሥት ሠራተኞች ሲናገሩ «እናንተ አትክልት እንደሚሸጡትና ላም እንደሚያረቡት አይደላችሁም፣ ጭንቅላት ያላችሁ ናችሁ» የሚል ይዘት ያለው ነገር አመለጣቸው፤ በዚያው ሥልጣን ለቀቁ። ስለ ገበሬ ውሃ ሲሟገት የኖረ ሰው ገበሬ ሲንቅ ተገኘ። እንግዲህ ከሁለቱም ወገን «የማያውቀው ሕዝብ» የሚታየው ከላይ ወደ ታች ነው ማለት ነው።

በዚያው በ2024 ጊፉ ክፍለ ግዛት ሚዙናሚ ከተማ ውስጥ፣ ዋሻው በሚቆፈርበት አካባቢ፣ የሰዎች የጉድጓድ ውሃ መውረድ ጀመረ። ጉድጓዶች ነጠፉ። እነዚያ ሰዎች ስለ ሱፐርኮንዳክተር ምን ያህል እንደሚያውቁ አልጠየቅሁም፤ ባልዲያቸው ባዶ ሲወጣ ግን የሚነግራቸው ነገር ግልጽ ነው። ኩባንያው በ2027 ይከፈታል ያለውን መስመር በዚያ ዓመት እንደማያደርሰው በ2024 ተናገረ። ወጪው መጀመሪያ ከ5.5 ትሪሊዮን የን አካባቢ ተነሥቶ በ2021 ወደ 7 ትሪሊዮን፣ በ2025 ደግሞ ወደ 11 ትሪሊዮን የን አድጓል። ፍትሐዊ ለመሆን፣ ጃፓኖች ሥራውን አልተዉም፤ ሊጨርሱትም ይችላሉ። ከጨረሱት ከሰው ዘር ታላላቅ የምሕንድስና ሥራዎች አንዱ ይሆናል። የውሃው ጥያቄ ግን ጥያቄ የሆነው ሕዝቡ ስላልገባው አይደለም። በጣም ስለገባው ነው።

ይኸው የጃፓን ባቡር ወደኛ ሰዎች ደጃፍም ሊመጣ ነበር። ከዋሽንግተን እስከ ባልቲሞር በ15 ደቂቃ የሚያደርስ ማግሌቭ ይሠራ ተብሎ ዓመታት ተጠንቷል። ሜሪላንድ የሐበሻ አገር ናት ማለት ይቻላል፤ በዚያ አካባቢ ስንት ወገን ታክሲ ይነዳል፣ ሆስፒታል ይሠራል፣ ሱቅ ይከፍታል። ለአንድ እዚያ ለሚኖር ወዳጄ «እንኳን ደስ ያለህ» ብለው ሳቀብኝ።

«ጣቢያው የት የት እንደሆነ ታውቃለህ?» አለኝ። «ዋሽንግተን፣ አውሮፕላን ማረፊያው፣ ባልቲሞር። በቃ። እኔ ያለሁበት ፕሪንስ ጆርጅስ አይቆምም። ከሥራችን በዋሻ፣ ከላያችን በድልድይ ያልፋል። ቁፋሮው የኛ፣ አቧራው የኛ፤ ባቡሩ የማን እንደሆነ ንገረኛ!»

«ፍጥነቱስ?» አልኩት ለነገሩ ያህል።

«ፍጥነቱማ ግሩም ነው፤ በመስኮት አየዋለሁ።»

ፕሪንስ ጆርጅስ አብዛኛው ነዋሪው ጥቁር የሆነ ካውንቲ ነው። ሰዎቹ በየስብሰባው ተነሥተው የተናገሩት ከወዳጄ ንግግር ብዙ አይርቅም፤ የደኑ ነገር፣ የግብርና ምርምር ጣቢያው መሬት፣ የትኬቱ ዋጋ ከተራው የማርክ ባቡር ጋር ሲተያይ። እነሱ ደግሞ በተቃውሞ በኩል የራሳቸውን ማኅበር አቋቋሙ፤ እሱም ለትርፍ ያልቆመ፣ እሱም ሕዝብ የሚያስረዳ! የሁለቱን ወገን ጽሑፍ ጎን ለጎን ሳነብ የገረመኝ፣ የተቃዋሚዎቹ የመስመሩን ካርታ ከነመንገድ ስሙ የያዘ መሆኑ ነው። የደጋፊዎቹ ባቡሩን በሰማያዊ ሰማይ ሥር ያሳያል፤ ሰፈር የሌለበት ሰማይ ነው። በ2025 የፌዴራሉ የባቡር አስተዳደር ዕቅዱን ዘጋው፤ ከ26 ሚሊዮን ዶላር በላይ የሚሆን ድጋፍም ተሰረዘ።

ታዲያ ማኅበሩ ይበተን እያልኩ ነውን? ኧረ በፍጹም። እኔ የምመኘው የተሰረዙትን መስመሮች አንድ በአንድ የሚተርክ ማግሌቭ ወዳድ ነው። በርሚንግሃም አውሮፕላን ማረፊያ ላይ በ1984 የተከፈተው ቀርፋፋ ትንሽ ማግሌቭ ለምን በ1995 ቆመ? (መለዋወጫ ጠፋ፤ ይኸው ነው። ያንን ዓይነት ባቡር ሌላ የሚሠራ ስላልነበረ ዕቃው እንደልብ አይገኝም። የኛ መካኒኮች ይህን በአንድ ዓረፍተ ነገር ያስረዱ ነበር።) የሻንጋዩ ባቡር ከ2021 ጀምሮ በሰዓት 431 መሮጡን ትቶ በ300 የሚሄደው ለምንድን ነው፤ ተሳፋሪው ምን አጣ? የናጎያው ሊኒሞና የቻንግሻው ዝግ ያሉ የከተማ ማግሌቮች ሲሠሩ ፈጣኖቹ ለምን ይሰናከላሉ? ይህን የሚያውቁት እነሱ ናቸው። የሚያምር የባቡር ሥዕል ከሚያሳየኝ ሰው ይልቅ «እዚህ ላይ ከሽፈናል፣ ምክንያቱም…» ብሎ የሚጀምር ሰው ቢያስረዳኝ፣ የሚቀጥለውንም አምነዋለሁ።

ደግሞም ትክክል የሆኑበት ነገር አለ። ወዳጄ ባለፈው ሲደውልልኝ ከባልቲሞር አውሮፕላን ማረፊያ ዋሽንግተን ለመድረስ አንድ ሰዓት ተኩል ፈጅቶበት ተናዶ ነበር፤ ፓርክዌዩ ተዘጋግቶ፣ መኪና በመኪና ላይ ተደርድሮ። ማግሌቩ ቀረ። የቀረበት መጨናነቅ ግን እዚያው አለ።

«እና አሁን ምን ይሻላል ትላለህ?» ብለው፣

«መጀመሪያ የሚጠይቀኝ ሰው ይምጣ» አለኝና ተሳፋሪ መጥቶበት ስልኩን ዘጋ።